ያልተጠጣ ፍንጃል፤ ስለ አይዳ ሼሆቪች ዘዋሪ ሐውልት

ከ2006 ዓ.ም. እስከ 2020 ዓ.ም. ድረስ (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው) በየዓመቱ ጁላይ 11 ቀን በአንድ ከተማ ቡና ይፈላ ነበር። ቡናው እጀታ በሌላቸው ትንንሽ ፍንጃሎች ይቀዳል፤ ፍንጃሎቹም ከምድር ላይ እርስ በርሳቸው ተጠጋግተው ይደረደራሉ፤ የሚጠጣቸው ግን የለም። ቀኑ ሲያልቅ ቡናው ይደፋል፤ ፍንጃሎቹም ታጥበውና ተጠቅልለው እስከሚመጣው ዓመት ይቀመጣሉ። የዚህ ሥራ ጀማሪ አይዳ ሼሆቪች ናት። በ1977 ዓ.ም. በባንያ ሉካ ከተማ ተወልዳ፥ በ1992 ዓ.ም. የቦስኒያ ጦርነት ሲነሣ ከአገሯ ተሰድዳ፥ በቱርክና በጀርመን ከቆየች በኋላ በ1997 ዓ.ም. ወደ አሜሪካ ገብታለች፤ በዚያም በቨርሞንት ዩኒቨርሲቲ፥ ኋላም በኒው ዮርክ በሚገኘው ሀንተር ኮሌጅ ተምራለች። ሥራዋን ዘዋሪ ሐውልት ብላ ትጠራዋለች። ሐውልት ሲባል የቆመ ድንጋይ በሚታሰብበት አገር ይህ ስያሜ እንግዳ ይመስላል፤ በአውሮፓም ቢሆን እንግዳ ነው፥ ሠሪዋም ይህን እያወቀች መርጣዋለች።

የሥራው ስም «ሽቶ ቴ ኔማ» ነው፤ ይኸውም ያድራንካ ስቶያኮቪች የዘፈነችው፥ በአገሩ ሁሉ የሚታወቅ ዘፈን ስም ነው። ቃል በቃል ቢመለስ «ምነው የለህም» ይሆናል፤ አማርኛ ግን በእንዲህ ያለ ጊዜ «ምነው ቀረህ» ይላል። በቦስኒያ ቋንቋ ጥያቄው ለወንድም ለሴትም አንድ ሲሆን፥ አማርኛ ቀረህ ወይም ቀረሽ ብሎ መምረጥ ግድ ይሆንበታል። እዚህ ላይ ቀረህ ማለት ይገባል፤ የሚጠየቁት ከሞላ ጐደል ሁሉም ወንዶች ናቸውና። ሟቹን በአጠገብ እንዳለ ሰው እየጠሩ መጠየቅ በኢትዮጵያም ሙሾ የታወቀ ስለሆነ፥ ስሙ ለዚህ አገር አንባቢ ብዙ ማብራሪያ አያሻውም።

የሚጠየቁትም የስሬብሬኒጻ ሰዎች ናቸው። በምሥራቅ ቦስኒያ የምትገኘው ይህች ትንሽ ከተማ በኤፕሪል 1993 ዓ.ም. በተባበሩት መንግሥታት የጸጥታው ምክር ቤት ውሳኔ ከጥቃት የተጠበቀች ቦታ ተብላ ነበር። በጁላይ 11 ቀን 1995 ዓ.ም. ራትኮ ምላዲች የሚመራው የቦስኒያ ሰርቦች ጦር ከተማይቱን ሲይዝ በስፍራው የነበሩት የሆላንድ የሰላም አስከባሪዎች አላገዱትም። ሴቶች፥ ሕፃናትና ሽማግሌዎች በአውቶቡስ ተጭነው ተወሰዱ፤ ከ8,000 በላይ የሚሆኑ ሙስሊም ወንዶችና ልጆች በጥቂት ቀናት ውስጥ ተገደሉ። ገዳዮቹ ወንጀሉን ለመሰወር ሲሉ የጅምላ መቃብሮቹን በዚያው ዓመት እንደገና በመኪና ቈፍረው አስከሬኑን ወደ ሌላ ቦታ አዛወሩት፤ ከዚህም የተነሣ የአንድ ሰው ዐፅም ከሁለትና ከሦስት ጕድጓድ ተለቅሞ የተገኘበት ጊዜ አለ። ለቀድሞዋ ዩጎስላቪያ የተቋቋመው ዓለም አቀፍ የወንጀል ፍርድ ቤት በ2001 ዓ.ም.፥ የይግባኙም ችሎት በ2004 ዓ.ም.፥ ዓለም አቀፉ የፍትሕ ፍርድ ቤትም በ2007 ዓ.ም. ድርጊቱ የዘር ማጥፋት መሆኑን አረጋግጠዋል። ይህ ሁሉ ሆኖ ሳለ የሚክዱት አልጠፉም፤ የአይዳ ሼሆቪችም ሥራ ከክሕደቱ ፊት የቆመ ነው።

ሥራውን ለመመዘን አስቀድሞ ልማዱን ማወቅ ያስፈልጋል። ቡና ከኢትዮጵያ ወደ የመን፥ ከየመንም ወደ ኦቶማኖች ግዛት ተሻግሮ፥ ኦቶማኖች ቦስኒያን ከ1463 እስከ 1878 ዓ.ም. በገዙበት ዘመን ወደዚያ አገር ገብቷል። ቃሉም ከዕቃው ጋራ ተጉዟል። ዐረቡና ቱርኩ ፊንጃን የሚሉትን ቦስኒያው ፊልጃን ይለዋል፤ አማርኛ ደግሞ ፍንጃል ይላል። በሁለቱም ቋንቋዎች አንዱ «ን» ወደ «ል» ተለውጧል፤ በቦስኒያው የመጀመሪያው፥ በአማርኛው የመጨረሻው። (ከዐረቦችም መካከል ፊንጃል የሚሉ ስላሉ አማርኛ የተለወጠውን ቃል እንዳለ ተቀብሎት ይሆናል።) በአነስተኛ የመዳብ ማፍያ የተዘጋጀው ቡና በዚህ ፍንጃል ሲቀዳ ከጐኑ ስኳር ይቀርባል፤ ጠጪውም ስኳሩን ከቡናው እየነከረ ይቀምሳል።

የኢትዮጵያ ቡና አቦል፥ ቶና፥ በረካ እንደሚባለው ሁሉ በቦስኒያም ቡናው እንደየጊዜው ስም አለው። እንግዳው ሲገባ የሚቀዳው «ዶቼኩሻ»፥ ይኸውም የመቀበያው ነው፤ ጨዋታው ሲደራ የሚቀዳው «ራዝጎቮሩሻ»፥ የወሬው ቡና ነው፤ እንግዳው ሳይነሣ ጊዜው ሲረዝም የሚቀርበው ደግሞ «ሲክተሩሻ» ይባላል፥ ይህም በጨዋታ መልክ ሂድልኝ እንደ ማለት ነው። ሁለቱ ልማዶች ይመሳሰሉ እንጂ አንድ አይደሉም። የኢትዮጵያው ስም ከአንድ ጀበና ስንተኛ ጊዜ እንደ ተቀዳ ይቈጥራል፤ የቦስኒያው ግን እንግዳው በምን ሰዓት ላይ እንዳለ ይናገራል። በዚያ አገር ቡና የሚለካው በሰውዬው መምጣትና መሄድ ነው ቢባል ከእውነት አይርቅም። የማይመጣ ሰው ቡና ግን ከሦስቱም ስሞች አንዱ እንኳ አይስማማውም።

ለሥራው መነሻ የሆነውም ይኸው ነው። ባሏ በስሬብሬኒጻ የተገደለባት አንዲት ሴት ባሏን ከሁሉ አብልጣ የምትናፍቀው ቡና በምትጠጣበት ሰዓት መሆኑን ለአይዳ ሼሆቪች ነግራት ነበር። ከዚህ በኋላ የተደረገው ነገር እጅግ ጥቂት ነው። ሠሪዋ አዲስ ምልክት አልፈጠረችም፤ ዐርማም አልቀረጸችም። የሁሉም ቤት የሚያውቀውን ሥርዐት እንዳለ ወስዳ ከእርሱ ላይ አንዲቱን ደረጃ ብቻ፥ መጠጣቱን፥ አስቀረች። ቡናው ይፈላል፥ ይቀዳል፥ ይቀርባል፤ እዚያ ላይ ሥርዐቱ ይቆማል። የልማዱ ባለቤት የሆነ ሰው የጐደለውን ለማወቅ የሚነግረው አያስፈልገውም፤ የማያውቀው የባዕድ አገር ሰውም ቢሆን የተቀዳ ቡና ሳይጠጣ ሲቀዘቅዝ አይቶ አንድ ነገር እንደ ቀረ ይረዳል። በሕዝብ ተሳትፎ የሚሠሩ የአደባባይ ሥራዎች ብዙውን ጊዜ የሚሰናከሉት ተመልካቹን ከማያውቀው ድርጊት ውስጥ ስለሚያስገቡት፥ እርሱም እንደ ተማሪ ስለሚታዘዝ ነው። እዚህ ግን ድርጊቱ ከሥራው በፊት ነበረ።

ሆኖም ፍንጃሉ የሚናገረው ስለ ሟቹ ብቻ ነው ብሎ ማለፍ የሥራውን ክብደት መቀነስ ይሆናል። በቦስኒያ የቡና ልማድ የቤተ ዘመድ ብቻ ሳይሆን የጐረቤትም ነው። ጕርብትናን «ኮምሺሉክ» ይሉታል፤ ቃሉ ከቱርክ የመጣ ሲሆን ሙስሊሙ፥ ካቶሊኩና ኦርቶዶክሱ በአንድ መንደር ሲኖሩ እርስ በርስ የሚጠባበቁትን ግዴታ ሁሉ ይጠቀልላል። የኖርዌይ ተወላጅ የሆነችው የሥነ ሰብእ ሊቅ ቶኔ ብሪንጋ ሙስሊሞችና ካቶሊኮች አብረው በሚኖሩበት በማዕከላዊ ቦስኒያ መንደር ኖራ ያጠናችውን በ1995 ዓ.ም. በመጽሐፍ አውጥታለች፤ ሴቶቹ ለቡና የሚጠራሩበት ልማድ የሁለቱን ሃይማኖቶች ቤቶች የሚያገናኝ መሆኑ ከመጽሐፉ ይታያል። ያች መንደር ራሷ በ1993 ዓ.ም. ከጦርነቱ አላመለጠችም፤ የሙስሊሞቹ ቤቶች ፈረሱ፥ ነዋሪዎቹም ተባረሩ። እንግዲህ አብሮ ቡና መጠጣት ከመገዳደል አላዳነም። ይህን የሚያውቅ ሰው ያልተጠጣውን ፍንጃል ሲያይ ሁለት ሰዎች መጉደላቸውን ያስተውላል፤ አንዱ የተገደለው ነው፥ ሁለተኛውም ሊጠጣ ይመጣ የነበረው ጐረቤት ነው። ስለ ሥራው በተሰጡ አስተያየቶች ዘንድ የመጀመሪያው ብዙ ጊዜ ተነግሯል፤ ሁለተኛው ግን ገና በቂ ትኩረት አላገኘም። ምናልባትም የሥራው ጥልቅ ክስ ያለው በዚህ በሁለተኛው ላይ ነው።

በ2006 ዓ.ም. ሥራው በሳራዬቮ በመጀመሪያ ሲቀርብ አንድ ጊዜ ብቻ እንዲታይ የታሰበ ትርኢት ነበር። 923ቱ የመጀመሪያ ፍንጃሎች የተሰበሰቡት «የስሬብሬኒጻ ሴቶች» በተባለው ማኅበር እርዳታ ነው። ከዚያ ወዲያ በየዓመቱ ቦስኒያውያን ቤተሰቦች፥ በአገር ያሉትም በስደት የተበተኑትም፥ ከየቤታቸው ፍንጃል እየሰጡ ቁጥሩን አሳደጉት። ከዚህ የተነሣ ፍንጃሎቹ አንድ ዐይነት አይደሉም፤ አበባ ያለበትም፥ የወርቅ ጠርዝ ያለውም፥ ጨረቃና ኮከብ የተሣለበትም ይገኛል። አንድ ቤት ከፍንጃሎቹ አንዱን ሲሰጥ የቀሩት ከዚያ ቀን ጀምሮ ጐዶሎ ይሆናሉ፤ ስለዚህ የሥራው አንድ ክፍል ከአደባባዩ ውጭ፥ በሰጪው መደርደሪያ ላይ ይቀራል። በእያንዳንዱ ከተማ የሚኖሩ ቦስኒያውያንና የአካባቢው ሰዎች ቡናውን ያፈሉ ነበር፤ መንገደኛውም ምን እንደ ሆነ ሲጠይቅ ይነገረውና አንድ ፍንጃል ሞልቶ እንዲያስቀምጥ ይጋበዛል። ፍንጃል ከምድር ለማኖር መንበርከክ ወይም ማጐንበስ ግድ ነው፤ ማንም ተንበርከኩ ሳይል አካሉ ራሱ ይንበረከካል።

በፎቶግራፍ የሚያውቁት ሰዎች ሥራውን በመጠኑ ያጡታል። ከላይ የተነሣው ሥዕል ውብ ነው፤ ብዙ ሺህ ጥቋቁር ክቦች በነጭ ጠርዝ ተከበው ይታያሉ። ውበቱ ግን አደጋ አለው፤ ዐይን ከረካ በኋላ ጥያቄው ይረሳልና። በአደባባዩ ላይ ያለው ሰው የሚያገኘው ከዚህ የተለየ ነው፤ የቡና ሽታ፥ የጕልበት ድካም፥ ከማያውቁት ሰው ጋራ ዝቅ ባለ ድምፅ መነጋገር። የቡና ሽታ ጐረቤትን የሚጠራ መሆኑን የኢትዮጵያ አንባቢ ሌላ ሰው ሳያስረዳው ያውቀዋል።

ስለ ተሳትፎው ለመፍረድ ይህን ሥራ በጀርመን ከተሠራ ሌላ ሐውልት ጋራ ማነጻጸር ይጠቅማል። በ1986 ዓ.ም. ዮኸን ጌርዝና ኤስተር ሻሌቭ ጌርዝ በሃምቡርግ ከተማ፥ ሃርቡርግ በተባለው ሰፈር፥ በእርሳስ የተለበጠ 12 ሜትር ቁመት ያለው ዐምድ ፋሺዝምን ለመቃወም አቁመው ነበር። ሕዝቡ በብረት መጻፊያ ስሙን እንዲቀርጽበት ተጋበዘ፤ የተጻፈበት ክፍል በሞላ ቁጥር ዐምዱ ወደ መሬት ይወርድ ነበር፤ በ1993 ዓ.ም. ጨርሶ ተቀበረ። በዚያ ዐምድ ላይ ከስም ጋራ ስድብም የናዚ ምልክትም ተጽፏል። ሠሪዎቹ ይህንንም አልሰረዙትም፤ ሐውልቱ የከተማይቱን ልብ እንዳለ እንዲያሳይ ፈልገዋልና። የአይዳ ሼሆቪች ሥራ ለተሳታፊው እንዲህ ያለ ነጻነት አይሰጥም። መቅዳትና ማስቀመጥ ይቻላል፤ ሌላ የሚደረግ ነገር የለም። የሚክደው ሰው ሊያልፍ ይችላል እንጂ ክሕደቱን የሚጽፍበት ቦታ አይሰጠውም።

የሕዝብ ተሳትፎ ክርክርን መጨመር አለበት የሚሉ ሐያስያን ይህን እንደ ጕድለት ይቈጥሩት ይሆናል። ፍርዱ ግን ወደ ሠሪዋ ያጋደለ ነው። የሃርቡርግ ዐምድ የገዳዮቹ ልጆችና የልጅ ልጆች ከተማ ላይ የቆመ ነው፤ መጠየቅ የነበረበትም የእነርሱን ልብ ነበር። «ሽቶ ቴ ኔማ» ግን በባሕርዩ ለቅሶ ነው፥ የለቅሶውም ባለቤቶች በአደባባዩ ላይ ይገኛሉ። ለቅሶ ቤት የገባ ሰው ሟቹ ሞቷል ወይስ አልሞተም ብሎ አይከራከርም። በጠባብነቱ ምክንያት ሥራው የመንገደኛውን አስተያየት አያሳይም፤ የሚያሳየው መምጣቱን ወይም ማለፉን ብቻ ነው፥ ያም ለዚህ ጉዳይ በቂ ነው።

አንዲት ሌላ ጥያቄ ግን እንዲህ በቀላሉ አትመለስም። ፍንጃል ሞልቶ ያስቀመጠ መንገደኛ ድርሻዬን ተወጣሁ ብሎ ቢሄድስ? ሠሪዋ ለዚህ የሰጠችው መልስ በቦታዎቹ ምርጫ ውስጥ ይገኛል። በ2007 ዓ.ም. ሥራው በኒው ዮርክ በተባበሩት መንግሥታት ጽሕፈት ቤት ቀረበ፤ ከተማይቱ ከጥቃት የተጠበቀች ናት ያለው ይኸው ድርጅት ነበር። በ2008 ዓ.ም. ከሞት የተረፉት ብዙዎቹ ወደሚኖሩበት ወደ ቱዝላ ሄደ። በ2009 ዓ.ም. በሄግ ቀረበ፤ በዚያ የወንጀለኞቹ ችሎት ይሰየም ነበር፥ ሰላም አስከባሪዎቹን የላከው መንግሥትም በዚያ ይቀመጣል። የዚያው አገር የበላይ ፍርድ ቤት ከሰፈራቸው ስለ ወጡ 350 ወንዶች መንግሥቱ ከመቶ ዐሥር እጅ ተጠያቂ ነው ብሎ የፈረደው ከዐሥር ዓመት በኋላ፥ በ2019 ዓ.ም. ነው። ስቶክሆልም፥ በርሊንግተን፥ ኢስታንቡል፥ እንደገና ኒው ዮርክ፥ ቶሮንቶ፥ ጄኔቫ፥ ቦስተን፥ ቺካጎ፥ ዙሪክና ቬኒስ ተከተሉ። ከእነዚህ አንዳንዶቹ የስደተኞቹ መኖሪያ በመሆናቸው፥ ሌሎቹም ከፖለቲካው ታሪክ ጋራ በመያያዛቸው ተመርጠዋል። በኒው ዮርኩ ጽሕፈት ቤትና በሄግ የተቀዳው ፍንጃል የመንገደኛውን ሐዘኔታ ብቻ የሚጠይቅ አልነበረም፤ አደባባዩ ራሱ የሚጠየቅ ወገን ነበርና። በሌሎቹ ከተሞች ግን ይህ ክስ ይለዝባል፤ በቬኒስ ለሽርሽር የመጣ ሰው ማንን እንደሚወክል ለማወቅ ያስቸግራል።

ከዝርዝሩ ውስጥ ባንያ ሉካ የለችም። ሠሪዋ የተወለደችባት ይህች ከተማ ዛሬ ሪፑብሊካ ስርፕስካ የሚባለው የአገሪቱ ክፍል መቀመጫ ናት፤ ከሁሉ ይልቅ ክሕደቱ የሚሰማውም በዚያ ክፍል ነው። የሕዝብ አደባባይ ፈቃድ ይፈልጋል፥ ፈቃድም የሚሰጠው አስቀድሞ ለመስማት በወደደ ከተማ ነው። በዚህ ሠሪዋን መውቀስ አይገባም፤ ነገር ግን በተሳትፎ ላይ የተመሠረተ የፖለቲካ ሥራ ሁሉ ያለበትን ወሰን ያሳያል። ሥራው በክሕደት ምድር የቆመው አንድ ጊዜ፥ በመጨረሻው ዓመት ነው፤ ያውም በመታሰቢያው ቅጥር ግቢ ውስጥ። በጁላይ 2021 ዓ.ም. የዓለም አቀፉ ማኅበር ከፍተኛ ተወካይ ቫለንቲን ኢንጽኮ የዘር ማጥፋትን መካድ የሚከለክል ሕግ በሥልጣናቸው አወጡ፤ በሜይ 2024 ዓ.ም. ደግሞ የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ ጁላይ 11 ቀን ዓለም አቀፍ የመታሰቢያ ቀን እንዲሆን በ84 ድምፅ ድጋፍ፥ በ19 ተቃውሞና በ68 ድምፀ ተአቅቦ ወሰነ። ይህን ፍንጃሎቹ አመጡት ማለት አይቻልም። የድምፀ ተአቅቦው ብዛት ግን ጥያቄው ገና በብዙ አደባባዮች እንዳልተጠየቀ ያስረዳል።

የቱዝላ ሴቶች ከሁሉ በፊት ቀድመዋል። «የስሬብሬኒጻ ሴቶች» በየወሩ በ11ኛው ቀን በቱዝላ ጐዳና ይሰለፋሉ፤ የትራስ ልብስ ላይ የጠፉባቸውን ሰዎች ስም ሰፍተው ይይዛሉ። ይህም የሕዝብ ሥራ ነው፥ የጥበብ ሰው ግን አልነካውም። በጨርቁ ላይ ስም አለ፤ በፍንጃሉ ላይ የለም። ፍንጃሉ የማን እንደ ሆነ ስለማይታወቅ መንገደኛው የሚቀዳው ለአንድ ሰው ሳይሆን ለቁጥር እንዳይሆን ያሰጋል። ሠሪዋ ከሰው ብዛት ጋራ የሚተካከል ፍንጃል ለመሰብሰብ መወሰኗ ይህን ሥጋት አላቀለለውም። ከዓመት ወደ ዓመት ተመልካቹ ስንት ደረሰ እያለ መጠየቁ አልቀረም፤ ለቅሶም የሚሞላ መጠን ያለው ይመስል ነበር።

በ2020 ዓ.ም.፥ ሃያ አምስተኛው ዓመት ሲታሰብ፥ ፍንጃሎቹ ወደ ፖቶቻሪ መጡ፤ የሟቾቹ መቃብርና መታሰቢያ በ2003 ዓ.ም. የተከፈተበት ስፍራ ነው። በዚያ ቁጥሩ 8,372 ሞላ፥ መዞሩም አበቃ። ዓላማው ከተፈጸመ መዞሩን ማቆም ተገቢ ነበር ለማለት ይቻላል፤ ከየከተማው ተንከራትቶ ወደ ባለቤቶቹ መመለሱም ትልቅ ነገር ነው። ነገር ግን ሥራውን ሕያው ያደረገው በየዓመቱ መታጠቡ፥ መጓዙና በእንግዳ እጅ መሞላቱ ነበር። እዚያው በፖቶቻሪ በየጁላይ 11 ቀን ዐፅማቸው አዲስ የተለየ ሰዎች ይቀበራሉ፤ አንድ ሺህ ያህሉም ገና አልተገኙም። በመቃብሩ መግቢያ ካለው ድንጋይ ላይ 8372 የሚለው ቁጥር ተቀርጿል፤ ከቁጥሩ በኋላ ነጥቦች ተከትለዋል፥ ከሥሩም ይህ ብዛት የመጨረሻ እንዳልሆነ ተጽፏል።